ከተከዜ እስከ መቅኒ ንቅለ ተከላ፤ ስለ አልኪሌቲንግ መድኃኒቶች አነጋገር የቀረበ ሂስ

1. የጽሑፉ ዓላማ

ሂስ ሲባል አብዛኛውን ጊዜ በአንድ መጽሐፍ ወይም በአንድ ደራሲ ሥራ ላይ የሚሰጥ ፍርድ ነው። እኛ ግን በዚህ ጽሑፍ የምንመረምረው ተደጋግሞ የሚነገር አንድ ትረካ ነው። ይኸውም አልኪሌቲንግ የሚባሉት የካንሰር መድኃኒቶች ከየት እንደ መጡና ከመቅኒ ንቅለ ተከላ በፊት ለምን እንደሚሰጡ የሚናገረው ነው። ትረካው ሁለት ክፍሎች አሉት። የመጀመሪያው ታሪክ ነው፤ መድኃኒቶቹ በባሪ ወደብ ከፈሰሰ የጦር መርዝ ተወለዱ ይላል። ሁለተኛው ሕክምና ነው፤ መድኃኒቱ የድሮውን መቅኒ ጠርጎ ለአዲሱ ቦታ ያዘጋጃል ይላል። ሁለቱም እውነት የተቀላቀለባቸው ናቸው፤ ሁለቱም ግን ጎደሎ ናቸው።

ነገሩ የቃላት ክርክር ብቻ ቢሆን ኖሮ የአንባቢን ጊዜ ባልወሰድን ነበር። ነገር ግን ሳይክሎፎስፋማይድ የሚባለው የዚሁ ቤተ ሰብ መድኃኒት በአገራችን ለጡት ካንሰርና ለንፍፊት ካንሰር ከሚሰጡት መድኃኒቶች አንዱ ነው። የመቅኒ ንቅለ ተከላ የሚያስፈልጋቸው ብዙ ሕሙማንም ወደ ህንድና ወደ ሌሎች አገሮች ይጓዛሉ። አያቱ በመርዝ ጋዝ ተቃጥለው የሞቱበት የጎጃም ሰው መድኃኒቱ ከዚያ መርዝ ጋር ዝምድና እንዳለው ሲሰማ ሊፈራ ይችላል፤ ዝምድናው ተደብቆበት ቆይቶ ከሌላ ሰው ሲሰማ ደግሞ ሐኪሙን ላያምን ይችላል። ስለዚህ እንዴት መነገር እንዳለበት ማሰብ የሕክምናው አንድ ክፍል ነው ብለን እናምናለን።

2. የባሪ ትረካና የዘመኑ ቅደም ተከተል

የተለመደው ትረካ እንዲህ ነው። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት፣ ኅዳር 22 ቀን 1936 ዓ.ም. (ዲሴምበር 2 ቀን 1943 እ.ኤ.አ.) የጀርመን አውሮፕላኖች በደቡብ ኢጣሊያ የሚገኘውን የባሪን ወደብ ደበደቡ። ከተመቱት መርከቦች አንዷ ጆን ሃርቪ የምትባል የአሜሪካ መርከብ ስትሆን፣ በምስጢር 2000 ያህል የሰናፍጭ ጋዝ ቦምቦች ጭና ነበር። መርዙ በባሕሩ ላይ ከተንሳፈፈው ዘይት ጋር ተደባልቆ በዋና ያመለጡትን መርከበኞች አቃጠላቸው። ጉዳዩን እንዲመረምር የተላከው ሐኪም ስቲዋርት አሌክሳንደር በተጎጂዎቹ ደም ውስጥ ነጮቹ የደም ሕዋሳት በጣም እንዳነሱ አየ። ትረካው ከዚህ በኋላ ወደ መደምደሚያው ይዘላል፤ ነጭ የደም ሕዋስን የሚያጠፋ ነገር ነጭ የደም ሕዋስ ያለ ልክ የሚበዛበትን በሽታ ሊያድን ይችላል ተብሎ ታሰበ፤ መድኃኒቱም ተወለደ ይላል።

ይህ ትረካ በዘመን አቆጣጠር ብቻ ይወድቃል። በአሜሪካ በዬል ዩኒቨርሲቲ ሉዊስ ጉድማንና አልፍሬድ ጊልማን የሚባሉ የመድኃኒት ሊቃውንት የሰናፍጭ ጋዝ ወንድም የሆነውን ናይትሮጅን ማስታርድ በመጀመሪያ በአይጥ ላይ ፈተኑ፤ ቀጥሎም ነሐሴ 21 ቀን 1934 ዓ.ም. (ኦገስት 27 ቀን 1942 እ.ኤ.አ.) የሊምፍ ካንሰር ለያዘው አንድ ሕመምተኛ በደም ሥሩ ሰጡት። ይህ ከባሪ በፊት 15 ወራት ያህል ነው። የሕመምተኛው ዕባጭ ሟሟ፤ ነገር ግን ተመልሶ አደገ፤ እርሱም በዚያው ዓመት ማለቂያ ላይ ሞተ። ሥራው የጦር ምስጢር ስለ ነበረ እስከ 1946 እ.ኤ.አ. ድረስ በይፋ አልታተመም።

ከዚህም በፊት ሌላ ምስክር አለ። ጀርመኖች የሰናፍጭ ጋዝን በጁላይ 1917 እ.ኤ.አ. በቤልጅግ አገር በኢፕር ከተማ አጠገብ በጦርነት ላይ ለመጀመሪያ ጊዜ ተጠቀሙበት፤ ይፔሪት የሚለው ስም የወጣውም ከዚህች ከተማ ነው። ኤድዋርድና ሔለን ክሩምባር የተባሉ ባልና ሚስት በፈረንሳይ አገር በጋዙ የተጎዱትን ወታደሮች ደምና የሞቱትን ሰዎች መቅኒ መርምረው፣ ነጭ የደም ሕዋሳት እንደሚያልቁና መቅኒው ባዶ እንደሚሆን በ1919 እ.ኤ.አ. አስታወቁ። እንግዲህ የነገሩ ሥር 1919፣ የመጀመሪያው ሕክምና 1942፣ ባሪ 1943 ነው። ባሪ ያረጋገጠ ነው እንጂ የወለደ አይደለም።

ታዲያ ባሪ ከሌሎቹ ይልቅ በትረካ የገነነው ለምንድን ነው? በእኛ አስተያየት ምክንያቱ ሁለት ነው። አንደኛ፣ ባሪ እሳት፣ መርከብና ምስጢር አለው፤ አይጥና የደም ቆጠራ ግን ተራኪ አይስቡም። ሁለተኛው ምክንያት ከዚህ የከበደ ነው። በባሪ መርዙ የፈሰሰው በአደጋ ነው፤ ሆን ብሎ በሰው ላይ ያዘነበው የለም። ታሪኩ ከዚያ ሲጀመር መርዙ ፈላጊ የሌለው፣ በዕድል የመጣ ነገር ይመስላል። ከባሪ በፊት ስምንት ዓመት ያህል ቀደም ብሎ ያው መርዝ ሆን ተብሎ በሰው ላይ እንደ ወረደ አድማጩ ሳያውቅ ይቀራል። ያ ሰው ደግሞ ከዚህ ምድር የዘመተ ሰው ነበር።

3. የጎጃም ጦር በተከዜ

ኢጣሊያ መስከረም 22 ቀን 1928 ዓ.ም. ኢትዮጵያን በወረረች ጊዜ የጎጃም ገዥ ራስ እምሩ ኃይለ ሥላሴ ነበሩ። ራስ ኃይሉ ተክለ ሃይማኖት በ1924 ዓ.ም. ከተሻሩ በኋላ ጎጃምን የተረከቡት እርሳቸው ናቸው። ጦራቸውን ይዘው በእግር ወደ ሰሜን ዘመቱ፤ በታኅሣሥ ወር መጀመሪያ ተከዜን ተሻግረው በሽሬ ደንበጉና ላይ የጠላትን ጦር አሸነፉ። ይህ ድል በዚያ ጦርነት ለኢትዮጵያ ከቀኑት ጥቂት ድሎች አንዱ ነው።

ከጥቂት ቀናት በኋላ፣ ታኅሣሥ 13 ቀን 1928 ዓ.ም.፣ አውሮፕላኖች በተከዜ ዳር በነበረው በዚሁ ጦር ላይ መጡ። ራስ እምሩ በኋላ እንደ መሰከሩት፣ የወደቁት ዕቃዎች እንደ ወትሮው ቦምብ አልፈነዱም፤ መሬት ሲነኩ ተሰብረው ቀለም የሌለው ፈሳሽ ረጩ። የተረጨባቸው ሰዎች እጃቸው፣ እግራቸውና ፊታቸው ውኃ እየቋጠረ ተላጠ። መኳንንቱ ምን እናድርግ ብለው ሲጠይቋቸው የሚመልሱት እንዳጡ ተናግረዋል።

የሰናፍጭ ጋዝ «ጋዝ» ይባል እንጂ በተለመደው ሙቀት እንደ ዘይት ያለ ፈሳሽ ነው፤ ቶሎ አይተንም። በሣርና በድንጋይ ላይ ሰንብቶ የነካውን ያቃጥላል። በባዶ እግሩ ለሚሄድ ወታደር፣ ከወንዝ ለሚጠጣ ፈረስና በቅሎ፣ ነጠላ ለብሶ መሬት ላይ ለሚተኛ ሰው ከዚህ የከፋ ነገር የለም። ለአውሮፓ ወታደር የታሰበው የፊት ጭምብልም ቢኖር ኖሮ እንኳ እግርን አያድንም ነበር።

ኢጣሊያ በጦርነት መርዝ ጋዝ እንዳይደረግ የሚከለክለውን የ1925 እ.ኤ.አ. የጄኔቭ ስምምነት በ1928 እ.ኤ.አ. አጽድቃ ነበር። ንጉሠ ነገሥት ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ሰኔ 23 ቀን 1928 ዓ.ም. በመንግሥታት ማኅበር ፊት ቆመው መርዙ ከአውሮፕላን እንዴት ይረጭ እንደ ነበረ ዘርዝረው ተናገሩ። የቀይ መስቀል መልእክተኛ የነበረው ስዊስ ሐኪም ማርሴል ዡኖ ያየውን ጽፏል። ይህም ሁሉ ሆኖ የኢጣሊያ መከላከያ ሚኒስቴር ጋዙ በጦርነቱ ላይ እንደ ዋለ በይፋ ያመነው በ1996 እ.ኤ.አ. ነው። ለዚህ እምነት ትልቁን ክርክር ያካሄደው ኢጣሊያዊው የታሪክ ጸሐፊ አንጄሎ ዴል ቦካ ነው። ድርጊቱ እስኪታመን 60 ዓመት ፈጀ ማለት ነው። አንድ ነገር ለ60 ዓመት ከተካደ በሕክምና ታሪክ ትረካ ውስጥ ቦታ ማጣቱ የሚያስደንቅ አይሆንም፤ ነገር ግን ከታመነ በኋላ ትረካውን ሳያርሙ መድገም ከስንፍና በቀር ሌላ ስም የለውም።

4. በእኛም በኩል ያለው ስሕተት

ፍርዳችን ሚዛናዊ እንዲሆን በእኛ በኩል የሚሰማውንም መመርመር ይገባል። ይህን ታሪክ ያወቁ አንዳንድ ወገኖች «እንግዲያው ይህ መድኃኒት የተገኘው በአባቶቻችን ደም ነው» ሲሉ ይሰማል። ስሜቱ የሚገባን ቢሆንም አባባሉ ግን ትክክል አይደለም። የዬል ሊቃውንት ሥራ የቆመው ከመጀመሪያው የዓለም ጦርነት በተገኘው ዕውቀትና በእንስሳት ላይ በተደረገው ምርመራ ላይ ነው። በተከዜ ዳር የወደቀውን ሰው ደም ወስዶ በአጉሊ መነጽር የቆጠረለት አልነበረም። የኢትዮጵያ ቀይ መስቀል ማኅበር እንኳ የተመሠረተው ጦርነቱ ሊጀመር ጥቂት ወራት ሲቀሩት በ1927 ዓ.ም. ነበር። ከውጭ የመጡት የቀይ መስቀል ሐኪሞችም ጥቂቶች ነበሩ፤ የስዊድኑ የቀይ መስቀል ጓድ ራሱ በደቡብ ግንባር በአውሮፕላን ተደብድቧል። እንዲህ ባለ ሁኔታ ቁስል ከማጠብ አልፎ ደም ለመቁጠር ጊዜና መሣሪያ አልተገኘም።

ስለዚህ የአባቶቻችን ሥቃይ ለመድኃኒቱ አንዳች አስተዋጽኦ አላደረገም። ይህ መራራ እውነት ነው፤ ነገር ግን ከተዋበ ሐሰት ይሻላል። ሥቃዩን የመድኃኒቱ ዋጋ አድርገን ብናቀርበው፣ ሳናስበው ወንጀሉን ፍሬ ያፈራ ነገር እናደርገዋለን። የተከዜ ስም በዚህ ታሪክ ውስጥ መግባት የሚገባው መድኃኒቱን ስለ ወለደ አይደለም፤ መርዙ ምን እንደ ነበረና በማን ላይ እንደ ዋለ ሳይነገር የመርዙ ታሪክ ሙሉ ሊሆን ስለማይችል ነው።

5. መድኃኒቱ መርዙ ነውን?

አሁን ወደ ነገሩ ጠባይ እንግባ። «መድኃኒቱ ያው መርዝ ጋዙ ነው» የሚሉና «ምንም ዝምድና የለውም» የሚሉ ሁለት ወገኖች አሉ። ሁለቱም እንዳልተስማሙ የሚያስረዳው የሞለኪውሉ አሠራር ነው።

በሰናፍጭ ጋዝ ሞለኪውል መካከል አንድ የድኝ አቶም አለ። ድኝ በዚህ ሞለኪውል ውስጥ ሁለት እጆች ብቻ አሉት፤ በሁለቱም ጫፋቸው ላይ ክሎሪን ያለባቸውን አጫጭር የካርቦን ሰንሰለቶች ይዟል። ሊቃውንቱ ድኙን አውጥተው በምትኩ ናይትሮጅን አስገቡ። ናይትሮጅን ሦስት እጆች አሉት። ሁለቱ እጆች እንደ ቀድሞው ክሎሪን ያለባቸውን ሰንሰለቶች ይይዛሉ፤ ሦስተኛው እጅ ግን ነጻ ነው። የመድኃኒቱ ታሪክ በሙሉ የዚህ የሦስተኛው እጅ ታሪክ ነው ማለት ይቻላል። ኬሚስቱ በዚያ እጅ ላይ የፈለገውን ነገር አስይዞ የመርዙን ጠባይ ለመግራት ቻለና።

ሜልፋላን በሚባለው መድኃኒት ሦስተኛው እጅ ላይ ፌኒልአላኒን የሚባል የፕሮቲን መሥሪያ ተያይዟል። ሕዋሱ ለምግቡ የሚፈልገው ነገር ስለ ሆነ በራሱ በር ያስገባዋል። በሳይክሎፎስፋማይድ ደግሞ ናይትሮጅኑ ፎስፈረስ ካለበት ቀለበት ጋር ተያይዞ ተቆልፏል፤ ጉበት እስኪከፍተው ድረስ መድኃኒቱ ሥራ ፈት ነው። ይህ መድኃኒት በጀርመን አገር ተሠርቶ በ1958 እ.ኤ.አ. ታወቀ። ቡሱልፋን ግን ከእነዚህ ይለያል፤ ናይትሮጅን ማስታርድ አይደለም። አራት ካርቦን ያለው ቀጭን ሰንሰለት ሆኖ፣ በሁለቱ ጫፎቹ ላይ በቀላሉ የሚለቅ ነገር አለው። ዘሩ ሌላ ቢሆንም ሥራው አንድ ስለ ሆነ ከቤተ ሰቡ ይቆጠራል።

ሥራው እንዲህ ነው። በማስታርዶቹ ላይ ክሎሪኑ ሲለቅ ናይትሮጅኑ ወደ ካርቦኑ ጫፍ ታጥፎ ሦስት ማዕዘን ያለው ቀለበት ይሠራል። ይህ ቀለበት እንደ ተወጠረ ቀስት ነው፤ ኤሌክትሮን የሚሰጠው ጎረቤት ሲያገኝ ተፈትቶ ይጣበቅበታል። በሕዋስ ውስጥ ከሁሉ ይልቅ የሚጣበቀው በዲ ኤን ኤ ላይ ከሚገኙት ፊደላት አንዱ በሆነው በጓኒን ላይ፣ በሰባተኛ ቁጥር ናይትሮጅኑ ነው። እስከዚህ አንድ እጅ ብቻ ነው የተያዘው። ሁለተኛው ክሎሪን ሲለቅ ሁለተኛው እጅ በማዶ ያለውን ክር ይይዛል። ብሩክስና ሎውሌ የተባሉ የለንደን ሊቃውንት የሰናፍጭ ጋዝ ከጓኒን ጋር እንዴት እንደሚያያዝ በ1960 እ.ኤ.አ. ገለጹ።

ዲ ኤን ኤ እንደ ተገመደ ገመድ ሁለት ክር ነው። ሕዋስ ለመራባት ሲነሣ ሁለቱ ክሮች መለያየት አለባቸው። በመድኃኒቱ የታሠሩ ክሮች ግን አይለያዩም። ሕዋሱ ለመጠገን ይሞክራል፤ ካልቻለ ራሱን ያጠፋል። ቶሎ ቶሎ የሚራባ ሕዋስ ለመጠገን ጊዜ ስለሌለው ይበልጥ ይጎዳል። የካንሰር ሕዋስ እንዲህ ነው፤ ነገር ግን የመቅኒ፣ የአፍና የአንጀት ሽፋን፣ የጠጉር ሥር ሕዋሳትም እንዲሁ ናቸው። የጉዳቱም የጥቅሙም ምክንያት አንድ ነው።

ስለዚህ ለጥያቄው መልሳችን ይህ ነው። ክንዱ ያው ክንድ ነው፤ ልጓሙ ግን አዲስ ነው። የቆላም የደጋም ሰው ይህን ለመረዳት ብዙ አይቸገርም፤ ኮሶ ምን እንደ ሆነ ያውቃልና። ኮሶ በልክ ሲጠጣ ትል ያስወጣል፤ ከልክ ሲያልፍ የጠጣውን ይጎዳል፤ ለነፍሰ ጡርም አይሰጥም። ይሁን እንጂ ይህም ምሳሌ ድንበር አለው። ኮሶ የሚያባርረው ከውጭ የገባ እንግዳ ነው። ካንሰር ግን ከገዛ ሥጋ የወጣ ነው፤ መድኃኒቱም ወዳጅን ከጠላት በመልክ አይለይም፤ በመራባት ፍጥነትና በመጠገን ችሎታ ብቻ ይለያል።

6. «ቦታ ማዘጋጀት» የሚለው አነጋገር

የትረካው ሁለተኛ ክፍል መድኃኒቱን እንደ አራሽ ያደርገዋል፤ ማሳውን ጠርጎ ለዘር ያዘጋጃል ይላል። ለገበሬ ልጆች ይህ ምሳሌ የሚጥም ነው። ቢሆንም ሁለት ፍጹም የተለያዩ ሕክምናዎችን ስለሚደባልቅ አንቀበለውም።

የመጀመሪያው ሕክምና ሕመምተኛው የራሱን ሕዋስ መልሶ የሚቀበልበት ነው። ማልቲፕል ማየሎማ የሚባለውን የመቅኒ ካንሰር እንውሰድ። በ1983 እ.ኤ.አ. ማክኤልዌይንና ፓውልስ የተባሉ የእንግሊዝ ሐኪሞች ሜልፋላንን በከፍተኛ መጠን፣ በአንድ ካሬ ሜትር የገላ ስፋት 140 ሚሊግራም፣ ሰጥተው በሽታው በጣም እንደሚመለስ አሳዩ። ነገር ግን መቅኒው እስኪያገግም ብዙ ሳምንታት ያስፈልጉ ነበር፤ በዚያ ጊዜ ሰውየው ለማንኛውም ተላላፊ በሽታ የተጋለጠ ነው። ዛሬ የደም እናት ሕዋሳት የሚባሉት አስቀድመው ከሕመምተኛው ደም ተለቅመው በቅዝቃዜ ይቀመጣሉ። ከዚያ 200 ሚሊግራም ሜልፋላን በካሬ ሜትር ይሰጣል። መድኃኒቱ በጥቂት ሰዓታት ውስጥ ከደም ስለሚጠፋ፣ በማግስቱ ወይም በሣልስቱ ሕዋሳቱ ያለ ጉዳት ይመለሳሉ። ነጭ የደም ሕዋስም አብዛኛውን ጊዜ በሁለት ሳምንት ገደማ ይነሣል። እዚህ ላይ መድኃኒቱ ለንቅለ ተከላው ቦታ አያዘጋጅም፤ ይልቁንም ንቅለ ተከላው መድኃኒቱ ካደረሰው ጉዳት ሰውየውን ያድናል። ጌታው መድኃኒቱ ነው፤ ንቅለ ተከላው አገልጋዩ ነው።

ሁለተኛው ሕክምና ከሌላ ሰው መቅኒ የሚወሰድበት ነው። እዚህ መድኃኒቱ ሦስት ሥራ አለበት፤ የቀረውን በሽታ መግደል፣ የድሮዎቹን እናት ሕዋሳት ከመቀመጫቸው ማስነሣት፣ የሕመምተኛው የሰውነት ዘበኞች እንግዳውን መቅኒ እንዳያባርሩ ማድከም። አንድ መድኃኒት ሦስቱንም በደንብ አይሠራም። ቡሱልፋን እናት ሕዋሳትን በማጥፋት ብርቱ ነው፤ በሊምፍ ሕዋሳት ላይ ግን ደካማ ነው። ሳይክሎፎስፋማይድ ዘበኞቹን በማድከም ብርቱ ነው፤ እናት ሕዋሳቱ ግን እርሱን የሚያፈርስ ኤንዛይም ስላላቸው በአብዛኛው ያመልጡታል። ሁለቱ ተጣምረው የሚሰጡት ስለዚህ ነው። ኤድዋርድ ዶናል ቶማስ የሚባሉት አሜሪካዊ ሐኪም ደግሞ ሳይክሎፎስፋማይድን ከመላ ሰውነት ጨረር ጋር አጣምረዋል፤ ስለ መቅኒ ንቅለ ተከላ ሥራቸው በ1990 እ.ኤ.አ. የኖቤል ሽልማት ተቀብለዋል።

የመጠኑን ክብደት በቁጥር ማሳየት ይጠቅማል። ቡሱልፋን በ1950ዎቹ እ.ኤ.አ. ለአንድ ዓይነት የደም ካንሰር በቀን ከ4 እስከ 8 ሚሊግራም ይሰጥ ነበር። ከንቅለ ተከላ በፊት ግን በአፍ ሲሰጥ በአንድ ኪሎ የሰውነት ክብደት 16 ሚሊግራም፣ በአራት ቀን ተከፋፍሎ ነው። 50 ኪሎ ለሚመዝን ሰው ይህ 800 ሚሊግራም ይሆናል፤ በቀን 4 ሚሊግራም ለሚወስድ ሰው የ200 ቀን መድኃኒት በአራት ቀን ማለት ነው። በተራ ሕክምና የመጠኑን ወሰን የሚያበጀው መቅኒው ነው። መቅኒው ሊተካ ከሆነ ያ ወሰን ይነሣና ሌላ ወሰን ይመጣል፤ በቡሱልፋን ጊዜ የጉበት ትንንሽ የደም ሥሮች መዘጋትና የአንጎል መንዘፍዘፍ፣ በሜልፋላን ጊዜ የአፍና የአንጀት ቁስል ነው። ሐኪሞች ለመንዘፍዘፉ መከላከያ አስቀድመው ይሰጣሉ፤ ሜልፋላን ሲሰጥ ሕመምተኛው በረዶ በአፉ እንዲይዝ ያደርጋሉ፤ ቅዝቃዜው የደም ሥሩን ስለሚያጠብ ወደ አፍ የሚደርሰው መድኃኒት ይቀንሳልና።

የእርሻውን ምሳሌ ጨርሶ የሚያፈርሰው ግን በቅርብ ዘመን የተለመደው አሰጣጥ ነው። አሁን በብዙ ቦታ ሳይክሎፎስፋማይድ ከንቅለ ተከላው በኋላም በሦስተኛውና በአራተኛው ቀን ይሰጣል። ምክንያቱ ከለጋሹ የመጡት ዘበኞች የሕመምተኛውን ገላ እንደ ጠላት አይተው ወዲያው መራባት ስለሚጀምሩ ነው። መድኃኒቱ በዚያን ሰዓት የሚራቡትን ይገድላል፤ እናት ሕዋሳቱ ደግሞ ከላይ በተናገርነው ኤንዛይም ይድናሉ። ዘር ከዘራ በሦስተኛው ቀን ማሳውን የሚያቃጥል ገበሬ የለም። እንግዲህ መድኃኒቱ መሬት ጠራጊ ብቻ ሳይሆን በሁለት ሰዎች ሥጋ መካከል ዳኛ ሆኖ የሚገባ ነው ማለት ይሻላል።

7. ስለ ቃላትና ስለ ሕመምተኛው

በአማርኛችን ነቀርሳ የሚለው ቃል ለካንሰርም ለሳንባ በሽታም ይነገራል። አንዱ ተላላፊ ነው፤ ሌላው አይደለም። የሳንባው በሽታ በትክክል መድኃኒቱ ከተወሰደ የሚድን ሲሆን የካንሰሩ ነገር እንደ ዓይነቱ ይለያያል። ሁለቱን በአንድ ስም መጥራት ሕመምተኛውን ያለ አገባብ ያስፈራል፤ ጎረቤትንም ያለ አገባብ ያርቃል። ለዚህ ነው በዚህ ጽሑፍ ካንሰር የሚለውን ቃል የመረጥነው። እንዲሁም የሰናፍጭ ጋዝ የሚለው ስም ከሽታው የተወሰደ ነው እንጂ በምግብ ላይ ከምናውቀው ሰናፍጭ ጋር ዝምድና እንደሌለው መናገር ያስፈልጋል።

ትክክለኛው አነጋገር ምን ያህል እንደሚጠቅም አንድ ምሳሌ እንስጥ። ጉበት ሳይክሎፎስፋማይድን ሲከፍት አክሮሊን የሚባል ነገር አብሮ ይወጣል፤ ይህም በሽንት ወርዶ ፊኛን ያደማል። መከላከያው ብዙ ውኃ መጠጣትና ቶሎ ቶሎ መሽናት፣ መጠኑ ከፍ ሲል ደግሞ ሜስና የሚባል መድኃኒት መጨመር ነው። አሁን በሁዳዴ ጾም ወራት እስከ ዘጠኝ ሰዓት ድረስ ውኃ የማይቀምስን የጎጃም ሰው እናስብ። «መድኃኒት ነው፤ ውሰድ» ብቻ ከተባለ ጾሙን ይዞ መድኃኒቱን ይወስዳል፤ መርዙም በፊኛው ውስጥ ሳይቀጥን ይውላል። ምክንያቱ ከተነገረው ግን ከነፍስ አባቱ ጋር ተመካክሮ ይጠጣል፤ ቤተ ክርስቲያን ለሕመምተኛ ጾምን እንደምታቀልል የታወቀ ነውና። የጠያቂውም ነገር እንዲሁ ነው። ነጭ የደም ሕዋሱ ባለቀበት ሰሞን በሕመምተኛው አልጋ ዙሪያ ዘመድ ሞልቶ መዋሉና ቁርጥ ሥጋ መቅረቡ ለእርሱ አደጋ ነው። «አትግቡ» ተብሎ በዘበኛ የተመለሰ ዘመድ ይቆጣል፤ ምክንያቱን የተረዳ ዘመድ ግን ራሱ ዘበኛ ይሆናል።

ከሁሉ በላይ መሸሸግ የሌለባቸው ሁለት ጉዳቶች አሉ። እነዚህ መድኃኒቶች በተለይ በከፍተኛ መጠን ሲሰጡ ልጅ የመውለድን ችሎታ ሊያጠፉ ይችላሉ። እንዲሁም ዲ ኤን ኤን ስለሚነኩ ከዓመታት በኋላ ሌላ የደም ካንሰር ሊያመጡ ይችላሉ። ላላገባ ወጣት ወይም ለአዲስ ሙሽራ የመጀመሪያው ከበሽታው የማያንስ ሐዘን ነው። መነገር ያለበት ከሕክምናው በፊት ነው፤ ምክንያቱም ሊደረግ የሚችል ጥንቃቄ ካለ ጊዜው ያን ጊዜ ብቻ ነው።

8. መደምደሚያ

በዚህ ሂስ ያቀረብነውን በአጭሩ እናጠቃልል። የመድኃኒቱ ታሪክ ከባሪ አይጀምርም፤ ከተከዜም አይወለድም። መርዙ ግን በተከዜ ዳር ሆን ተብሎ በሰው ላይ ስለ ዋለ፣ የመርዙን ታሪክ የሚናገር ሁሉ ተከዜን መዝለል አይገባውም። መድኃኒቱ ከመርዙ ጋር አንድ ዘር ነው፤ አንድ ነገር ግን አይደለም። ከንቅለ ተከላ ጋር ያለው ግንኙነትም አንድ ዓይነት ብቻ አይደለም።

ከዚህ በመነሣት ለትምህርት ጓደኞቻችንና ለመምህራን ሁለት ሐሳብ እናቀርባለን። አንደኛው፣ ከራስ እምሩ ጋር ወደ ሽሬ የዘመቱት ሰዎች ዛሬ በሕይወት አይገኙም፤ የልጆቻቸውና የልጅ ልጆቻቸው ትዝታ ግን በደብረ ማርቆስና በዙሪያው ባሉ አጥቢያዎች ገና አልጠፋም። ስለ ቁስሉ፣ ስለ ዓይኑ፣ ስለ ሳሉ፣ ከዘመቻ በኋላ ስንት ዓመት እንደ ኖሩ ቤተ ሰብ የሚያስታውሰው ሁሉ ከነተናጋሪው ዝምድና ቢጻፍ መልካም ነው። ይህ የደም ቆጠራን አይተካም፤ ሆኖም ከዝምታ ይሻላል። ሁለተኛው፣ ሕክምናና ፋርማሲ የሚማሩ ጓደኞቻችን ስለ እነዚህ መድኃኒቶች ለሕመምተኛ የሚነገር አጭር የአማርኛ መግለጫ ቢያዘጋጁ ነው። በመግለጫው ላይ የውኃው፣ የጾሙ፣ የጠያቂውና የመውለዱ ነገር አስቀድሞ ይግባ። የመርዝ ጋዙንም ዝምድና የሚጠይቅ ሕመምተኛ ካለ አዎን ተብሎ ይነገረው፤ ከዚያም ስለ ሦስተኛው እጅ ይነገረው።